ከመሪ ተዋናዩ ጀርባ የቆመችው ሴት ሒሳብ

በደብረ ማርቆስ የእህል ገበያ ጤፍ የሚለካው በኩንታል፣ ዋጋው የሚቆረጠው ግን በዓይነቱ ነው። ማኛው ከነጩ፣ ነጩ ከሰርገኛው፣ ሰርገኛው ከቀዩ ይለያል። ነጋዴውም ሆነ ደላላው እህሉን በእጁ ዘግኖ፣ ገለባና አፈር መቀላቀል አለመቀላቀሉን በዓይኑ አይቶ እንጂ በባለቤቱ ወሬ ብቻ ዋጋ አይጠራም። ይኸው ጠንቃቃ ነጋዴ ታዲያ ለሆቴሉ፣ ለዱቄት ፋብሪካው ወይም ለሕንጻ መሣሪያ መደብሩ የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ለማሠራት ወደ አዲስ አበባ ሲሻገር ጥንቃቄውን ዓባይ በረሃ ላይ ጥሎት ያልፋል። የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ ብቻ ነው፦ «መሪ ተዋናዩ ማነው?» የታወቀ ስም ከተጠራለት ይከፍላል። ከዚያ በታች ያሉት፣ በተለይም ሴቶቹ፣ «ሌሎች» በሚል አንድ መስመር ይጠቃለላሉ። ማኛና ቀይ ጤፍ በአንድ ጆንያ እንደ መክተት ነው።

ይህ የዋጋ አወጣጥ ስህተት ነው። ስህተትነቱም ለተዋናይቷ ከማዘን የመጣ አስተያየት ሳይሆን በገበያ ሒሳብ ሊታይ የሚችል ነገር ነው። የአገራችን የቴሌቪዥን ድራማ፣ በተለይም በየሳምንቱ የሚቀርበው ተከታታይ፣ ተመልካቹን የሚያቆየው በመሪ ተዋናዩ መልክ ብቻ አይደለም። ተመልካቹ ከሳምንት ሳምንት የሚመለሰው እናቲቱን፣ ጎረቤቲቱን፣ የቤት ሠራተኛዋን፣ የነገር አዋቂዋን አክስት ለመስማትም ነው። እነዚህን ሚናዎች የሚሸከሙት «ረዳት ተዋናይት» የሚባሉት ሴቶች ናቸው። ስያሜው ራሱ ትንሽ ያሳስታል፤ ረዳት ሲባል የሾፌር ረዳት ዓይነት፣ ቢቀር መኪናው የማይቆም ሰው ይመስላል።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት ከደብረ ማርቆስ ብዙ ሳይርቁ መጀመር ይቻላል። ቀኝጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ የተወለዱት እዚያው ምሥራቅ ጎጃም፣ ደብረ ኤልያስ ነው። የቅኔውን ትምህርት ይዘው አዲስ አበባ ገብተው ለዘመናዊው የአማርኛ ቴአትር መሠረት ከጣሉት ጥቂት ሰዎች አንዱ ሆነዋል፤ «አፋጀሽኝ» የተባለው ተውኔታቸው እስካሁን ስሙ ይነሣል። በእሳቸው ዘመን ግን በመድረክ ላይ ሴት አልነበረችም። የሴት ገጸ ባሕርይ ሲያስፈልግ ወንድ ተማሪ ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ ይወጣ ነበር። ምክንያቱ የባሕልና የነውር ጉዳይ መሆኑ የታወቀ ነው። ውጤቱ ግን ኢኮኖሚያዊም ነበር፤ አንድ ገበያ ከሠራተኛው ኃይል ግማሹን በር ዘግቶበት ሥራውን በተተኪ ዕቃ ሲያካሂድ ቆየ ማለት ነው።

በሩ የተከፈተው በ1940ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ ላይ እነ ሰላማዊት ገብረ ሥላሴና አስናቀች ወርቁ መድረክ ሲወጡ ነው። አስናቀች ክራር መደርደርና መዝፈንም ስለምትችል በአንድ ሙያ ብቻ አልተወሰነችም፤ እስከ ዕለተ ሞቷ እስከ 2004 ዓ.ም. መጀመሪያ ድረስ ስሟ ከቴአትርም ከዜማም ጋር ሲጠራ ኖሯል። እዚህ ላይ አንድ ነገር ማስተዋል ይገባል። በዚያን ጊዜ መድረክ ላይ የወጡት ሴቶች የገቡበት ገበያ ዋጋውን የሚከፍለው በገንዘብ ብቻ አልነበረም። ከቤተሰብና ከጎረቤት የሚመጣውን ስድብ «አዝማሪ» ተብሎ መቀበልም የሥራው አንድ ክፍል ነበር። በጎጃምም ሆነ በሌላው አካባቢ አዝማሪነት ሰርግና ድግስ ያለ እሱ የማይደምቅ፣ ልጅ ለመዳር ሲታሰብ ግን የሚሸሽ ሙያ ሆኖ ኖሯል። ሸማቹ ዕቃውን እየወደደ አምራቹን የሚንቅበት ገበያ ለአምራቹ መቼም ጥሩ ዋጋ አይከፍልም። የዛሬዋ ረዳት ተዋናይት ክፍያ ውስጥ ያ የድሮ ንቀት እስካሁን አለ ቢባል ማጋነን አይሆንም።

በ1957 ዓ.ም. ሁለት ነገሮች ሆኑ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ ጀመረ፤ «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተባለው የመጀመሪያው የአማርኛ ረጅም ፊልምም በዚያው ዓመት ታየ። ርዕሱ የሴት ስም መሆኑ ራሱ የዘመን ለውጥ ነው። ይሁንና ፊልም ለመሥራት ከፍተኛ ገንዘብ፣ ከውጭ የሚመጣ ጥሬ ፊልምና ላቦራቶሪ ያስፈልግ ስለነበር ከዚያ በኋላ ለአሥርት ዓመታት የተሠሩት ረጅም ፊልሞች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ለተዋናይት የቀረው መተዳደሪያ ቴአትር ቤት ነበር። ሀገር ፍቅር (በ1927 ዓ.ም. የተመሠረተው)፣ በ1948 ዓ.ም. የተከፈተውና ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የሚባለው፣ ከዚያም የማዘጋጃ ቤቱና ራስ ቴአትር ተዋንያንን በወር ደመወዝ ቀጥረው ያሠሩ ነበር። ደመወዙ ትንሽ ነው፤ ነገር ግን በወሩ መጨረሻ ይመጣል፣ ከበስተኋላውም ጡረታ አለው። በክፍለ ሀገርም በደርግ ዘመን የኪነት ቡድኖች ተቋቁመው ነበር። የጎጃሙ ግሽ ዓባይ ኋላ አገር ያወቃቸውን ድምፃውያን አፍርቷል። ዘፋኙ ካሴት አሳትሞ ራሱን ችሎ ሲወጣ አብራው የነበረችው ተወዛዋዥና ተዋናይት ግን የምታሳትመው ካሴት አልነበራትም። የአንዱ ሙያ ውጤት በዕቃ መልክ ተሸጠ፤ የሌላዋ አዳራሹ ሲዘጋ አብሮ ተዘጋ።

ከ1990ዎቹ ዓ.ም. ጀምሮ የመጣው የቪዲዮ ካሜራ ይህን ለወጠ። ጥሬ ፊልም መግዛት ቀረ፤ አንድ ነጋዴ መኪናውን ሸጦ ፊልም የሚያሠራበት ዘመን መጣ። የቴዎድሮስ ተሾመ «ቀዝቃዛ ወላፈን» በሲኒማ ቤት በር ላይ ሰልፍ ሲያሰልፍ ያየ ሁሉ ፊልም አዋጪ ነው ብሎ ገባበት። ትርፉ ሲታይ አቅራቢው ይበዛል፤ አቅራቢ ሲበዛ ሲኒማ ቤቱ መራጭ ይሆናል። ሲኒማ ቤቱም የመሪ ተዋናዩን ስም አይቶ ቀን መስጠት ጀመረ። ስለዚህ ፕሮዲዩሰሩ ካለው በጀት ትልቁን ድርሻ ለአንድና ለሁለት ስሞች አፍስሶ የቀረውን ለቀረው ሰው ማብቃቃት ልማዱ አደረገው። ፖስተሩ ላይም እንዲሁ ነው፤ ሁለት ትልልቅ ፊቶች፣ ከግርጌው በማጉያ መነጽር የሚነበቡ ስሞች።

አሁን ወደ ዋናው ምሳሌ እንምጣ። ሰብለ ተፈራን የማያውቅ የቴሌቪዥን ተመልካች ጥቂት ነው። ስሟን ያልያዘው እንኳ «እማማ ጨቤ»ን ወይም የ«ቤቶች»ን «ትርፌ» ያውቃል። ሰብለ በፊልም ፖስተር ላይ የፍቅር ታሪክ መሪ ሆና እንድትሣል ገበያው የሚመርጣት ዓይነት ተዋናይት አልነበረችም። ሥራዋ ማሳቅ ነበር፤ አሽሙሩን በጊዜው ጣል ማድረግ፣ ፊቷን በአንድ ቅጽበት ከቁጣ ወደ ማባበል ማዞር፣ ሌላው ተዋናይ የተናገረውን ዐረፍተ ነገር በዝምታዋ ብቻ ማስጨብጨብ። በ«ቤቶች» ውስጥ የቤት ሠራተኛ ናት። የባለቤቶቹ ጠብና ዕርቅ፣ የልጆቹ ጣጣ፣ የጎረቤቱ ወሬ ሁሉ በእሷ በኩል ያልፋል። ስሟ እንኳ ለገበያ ገጽ የተመቸ ነው፤ ትርፌ። እውነትም የድራማው ትርፍ እሷ ነበረች ቢባል ብዙ ተመልካች ይስማማል።

ሰብለ በ2008 ዓ.ም. በአዲስ ዓመት ዕለት አዲስ አበባ ውስጥ በደረሰ የመኪና አደጋ ሕይወቷ አለፈ። በዓሉን አክብሮ ቴሌቪዥን የከፈተው ሕዝብ ዜናውን ሲሰማ ያደረበት ድንጋጤ ለመሪ ተዋናይ ከሚታዘነው ያነሰ አልነበረም። ከሐዘኑ ባሻገር ግን ለኢንቨስተር የሚሆን አንድ ትምህርት አለው። የገበያው ሰዎች ረዳት ተዋናይትን የሚያስቡት እንደ ተተኪ ዕቃ ነው፤ አንዷ ብትሄድ ሌላዋን እንጠራለን ይላሉ። ሰብለ ስትሄድ ግን ገበያው ሌላ ሰብለ ሊያቀርብ አልቻለም። ትርፌን ሌላ ሰው ትሁን ቢባል ተመልካቹ አይቀበልም፤ ገጸ ባሕርይዋና ሴቲቱ አንድ ሆነዋልና። እንግዲህ ተተኪ የሌለው ዕቃ ዋጋው ስንት ነው? የምጣኔ ሀብት የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ የሚመልሰው ጥያቄ ነው። በአገራችን የድራማ ገበያ ግን ይህ ዋጋ የሚታወቀው ባለቤቷ ካረፈች በኋላ፣ በሐዘን መግለጫ ነው።

እርግጥ ነው፣ ፕሮዲዩሰሮችም የሚሉት አላቸው። ጣቢያው የአየር ሰዓት ያስከፍላል ወይም የሚከፍለውን ያዘገያል፤ ስፖንሰር ማግኘት ከባድ ነው፤ መሣሪያ በውጭ ምንዛሪ ይገዛል፤ ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ለውጥ በኋላ ደግሞ ካሜራና ሌንስ ከብር ጋር ያላቸው ርቀት ጨምሯል። ይህ ሁሉ እውነት ነው። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112 የአልኮል መጠጥ ማስታወቂያ በሬዲዮና በቴሌቪዥን እንዳይተላለፍ ሲከለክል የመዝናኛ ፕሮግራሞች ከትልልቅ ደጋፊዎቻቸው አንዱን፣ የቢራ ፋብሪካዎችን ገንዘብ አጥተዋል። የአዋጁ ዓላማ ለጤና የሚበጅ ነው፣ በዚያ ላይ ክርክር የለም። ይሁንና አንድ ገቢ ሲቋረጥ ቅነሳው የሚጀምረው ከየት እንደሆነ ማየት ይጠቅማል። የመሪ ተዋናዩ ክፍያ በስሙ ተቆርጧል፤ የካሜራ ኪራዩ ቁርጥ ነው፤ የጄኔሬተሩ ነዳጅ ቁርጥ ነው። ሊሸበሸብ የሚችለው የመጨረሻው መስመር ላይ ያለው ብቻ ነው፤ «ሌሎች»።

ከዚያ በፊት በ2008 ዓ.ም. መጋቢት ቃና ቴሌቪዥን የቱርክንና የሌሎች አገሮችን ድራማ ወደ አማርኛ በድምፅ መልሶ ማቅረብ ሲጀምር በአገር ውስጥ አምራቾች ዘንድ የተነሣው ጩኸት ይታወሳል። ባሕላችን ተወረረ ተባለ፣ ገበያችን ተወሰደ ተባለ። የገበያው ክርክር ሚዛን የሚደፋ ነበር፤ ተሠርቶ ያለቀ፣ ወጪው በሌላ አገር የተመለሰ ዕቃ ርካሽ ሆኖ ሲገባ የአገር ውስጡ አምራች ይጎዳል። ነገር ግን በጩኸቱ መካከል ጎላ ብሎ ያልተነሣ አንድ ነገር ነበር። ድምፅ የመመለስ ሥራ በስቱዲዮ ውስጥ በሰዓት የሚሠራ፣ መልክና ዕድሜ የማይጠይቅ፣ ድምፅና ትወና የሚፈልግ ሥራ ነው። መልኳ ለፖስተር አይሆንም የተባለች ተዋናይት የቱርክ ወይዘሮ ሆና በአማርኛ ተናግራ እንጀራዋን የምታገኝበት በር ተከፈተ። አንዱ ገበያ ሲጠብ ሌላው ሰፋ ማለት ነው። ስለ ጥቅሙና ጉዳቱ የተጻፈው ሁሉ ከአምራቾች በኩል እንጂ ከእነዚህ ሴቶች በኩል የተጻፈ ያህል አይደለም።

ገቢዋን በቁጥር ለማየት አንድ የምሳሌ ሒሳብ እናስቀምጥ፤ ቁጥሩ ለስሌት እንዲመች የተወሰደ እንጂ የማንንም ደመወዝ አያመለክትም። በወር 6 ቀን የምትቀረጽ ተዋናይት በቀን 3,000 ብር ቢከፈላት በወር 18,000 ብር ይሆናል። ጎረቤቷ ይህን ሰምቶ «ስድስት ቀን ሠርታ!» ይላል። ድራማው ግን በዓመት ስድስት ወር ብቻ ቢቀረጽ ዓመታዊ ገቢዋ 108,000 ብር ነው፤ በ12 ወር ሲካፈል 9,000 ብር። ከዚህ ላይ በአዲስ አበባ የቤት ኪራይ፣ ልብስ (ብዙ ጊዜ ልብሷን ከቤቷ ይዛ የምትመጣው እሷው ናት)፣ የታክሲ፣ የፀጉር፣ ሰው ስላወቃት ብቻ ከሌላው ሰው በላይ የምትጠየቀው የዕድርና የሰርግ መዋጮ ይነሣል። በቀሪው ስድስት ወር ሌላ ሥራ እንዳትይዝ ደግሞ «ነገ ቀረጻ አለ» የሚል ስልክ ትጠብቃለች። የሥራዋ ትልቁ ክፍል መጠበቅ ነው፤ የሚከፈልበት ግን መቀረጹ ብቻ ነው። ገቢው እንዲህ የሚዋዥቅ ሥራ ከቋሚ ደመወዝ የበለጠ መክፈል ነበረበት፤ አደጋውን የሚሸከም ሰው ለሸክሙ ዋጋ ያገኛልና። በዚህ ገበያ ግን አደጋውን የምትሸከመው አንዷ፣ ዋጋውን የሚወስደው ሌላው ነው።

ለደብረ ማርቆስ ልጅ ሒሳቡ ከዚህም ይከብዳል። ከተማዋ ከአዲስ አበባ 300 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች፤ ጣቢያዎቹ፣ ስቱዲዮዎቹ፣ ፕሮዲዩሰሮቹ ሁሉ ያሉት በዓባይ ማዶ ነው። ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ትምህርት ቤትን በመሰሉ ትምህርት ቤቶች የኪነት ክበብና ከ1990ዎቹ ጀምሮ በየቦታው በተስፋፋው የፀረ ኤድስ ክበብ ድራማ የተጫወቱ ልጃገረዶች ጥቂት አይደሉም። ከእነዚያ ውስጥ ችሎታ ያላት አንዷ ሙያውን ልያዝ ብትል ለአንድ የአሥር ደቂቃ ፈተና የአውቶቡስ፣ የማደሪያና የምግብ ወጪ ከኪሷ ይወጣል። ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በክልሉ በተፈጠረው ግጭት መንገድ በየጊዜው ሲዘጋ ደግሞ ወጪው ብቻ ሳይሆን መድረሱም አጠራጣሪ ሆኗል። ለፈተና የተቆረጠላት ሰዓት ግን መንገድ ስለተዘጋ አይጠብቃትም።

በዚህ ላይ የሚያስገርም ነገር አለ። በአማርኛ ፊልምና ኮሜዲ የቤት ሠራተኛ፣ የጥበቃ ሠራተኛ ወይም ከገጠር የመጣ ዘመድ ሲያስፈልግ ከሚቀዱት አነጋገሮች አንዱ የጎጃም ነው። ተመልካቹ ቃናውን ሲሰማ ገና ነገሩ ሳይነገር ይስቃል። አነጋገሩ የንግድ ዋጋ አለው ማለት ነው። ሆኖም ብዙ ጊዜ የሚናገሩት አዲስ አበባ ተወልደው ያደጉ፣ ቃናውን በማስመሰል የያዙ ተዋንያን ናቸው። የዕቃው ምንጭ ደብረ ማርቆስ፣ ቢቸና፣ ደጀን ሆኖ ትርፉ ግን ወደዚያ አይመለስም። ባለ ቃናዋ ራሷ ከተሳካላት ደግሞ ሌላ ወጥመድ ይጠብቃታል። አንዴ የሠራተኛዋን ሚና በደንብ ከሠራች ሁለተኛውም፣ ሦስተኛውም፣ አሥረኛውም የሠራተኛ ሚና ይሆናል። ሐኪም ልሁን ብትል «አነጋገርሽን አስተካክይ» ትባላለች። ሐኪም ከጎጃም አይወጣም የተባለ ይመስል!

ይህ የእኛ ብቻ ነውር አይደለም። ሃቲ ማክዳንየል የኦስካር ሽልማት ያገኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር አሜሪካዊት ናት፤ እ.ኤ.አ. በ1940 የተሸለመችው በረዳት ተዋናይትነት፣ የቤት አገልጋይ ሆና በሠራችበት ፊልም ነው። ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም የሠራቻቸው ሚናዎች በአብዛኛው አገልጋይ ነበሩ። ሽልማቷም ሐውልት አልነበረም። ሆሊዉድ በዚያን ጊዜ ለመሪዎቹ ሐውልት፣ ለረዳቶቹ ግን ጠፍጣፋ ሰሌዳ ይሰጥ ስለነበር እሷም የወሰደችው ሰሌዳ ነው፤ ረዳቶቹ ሙሉ ሐውልት ያገኙት እ.ኤ.አ. ከ1944 ወዲህ ነው። በእኛም አገር ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ የጉማ የፊልም ሽልማት ለረዳት ተዋናይት የራሷን ዘርፍ መስጠቱ የሚያስመሰግን ነው። ሽልማት ግን የቤት ኪራይ አይከፍልም።

የኪራዩን ነገር አሜሪካኖቹ በሌላ መንገድ ሞክረውታል። የፊልም ተዋንያን ማኅበራቸው እ.ኤ.አ. በ1960 ሥራ አቁሞ (የማኅበሩ መሪ ኋላ ፕሬዚዳንት የሆኑት ሮናልድ ሬገን ነበሩ) ፊልም በቴሌቪዥን ሲደገም ለተዋናዩ የሚታሰብ ክፍያና የጡረታ ዋስትና አስገኘ። እ.ኤ.አ. በ2023 ደግሞ በኢንተርኔት ለሚተላለፈው ሥራ የሚከፈለው አነሰ ብሎ 118 ቀን ሥራ አቆመ። በድጋሚ ክፍያ ይበልጥ የሚጠቀሙት ትልልቆቹ ከዋክብት አይደሉም፤ እነሱ ቀድሞውንም ጠግበዋል። ሥራ በሌለበት ወር ትንሽ ቼክ የምትደርሳት ረዳት ተዋናይት ናት።

በአገራችን ሕግ የለም ማለት አይቻልም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከዋኝን ከሚጠብቃቸው ባለመብቶች መካከል አስገብቶታል፤ በአዋጅ ቁጥር 872/2007 ተሻሽሎም መብትን በጋራ የሚያስተዳድር ማኅበር የሚቋቋምበት መንገድ ተመቻችቷል። ይሁንና አዋጅ የሚሠራው የተጻፈ ውል ሲኖር ነው። በዚህ ገበያ ረዳት ተዋናይት ብዙ ጊዜ የምትስማማው በስልክ፣ የምትቀበለው በእጅ ነው። ፊልሙ ከሲኒማ ቤት ወጥቶ በዩቲዩብ ሲጫን፣ እዚያም ለዓመታት እየታየ ማስታወቂያ ሲሰበስብ፣ ገንዘቡ የጫነው ሰው ኪስ ይገባል። ዋሽንግተን ያለ ኢትዮጵያዊ ቅዳሜ ማታ በትርፌ ዓይነት ገጸ ባሕርይ ሲስቅ እሷ ያንን የምታውቀው «አየሁሽ» የሚል መልእክት ሲደርሳት ነው። የጡረታውም ነገር እንዲሁ ነው። በግል ድርጅት የተቀጠረ ሰው ከደመወዙ 7 በመቶ ሲያዋጣ አሠሪው 11 በመቶ ይጨምርለታል። በቀረጻ ቀን የምትከፈል ሴት ግን ቀጣሪ የላትም፤ ያ 11 በመቶ ከየትም አይመጣም። አገር ያወቀው ሰው ሲታመም ለሕክምና ገንዘብ ሲሰበሰብ የምናየው ይህ ክፍተት ስላለ ነው።

ለመሆኑ ሁለተኛው ረድፍ ይህን ያህል ዋጋ አለው? የጎጃም ሰው ይህን ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልገውም። የእንዶዳሙ ተወላጅ የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የበዛብህና የሰብለ ወንጌል ታሪክ ነው ይባላል። ነገር ግን የበዛብህን ዕጣ በስለት ያሰረችው እናቱ ውድነሽ በጣሙ ናት፤ የፊታውራሪ መሸሻን ቤት ከውስጥ የምናየው በሰብለ እናት በወይዘሮ ጥሩአይነት በኩልም ነው። እነዚህን ሴቶች አውጥቶ ያንን መጽሐፍ ማንበብ ምሰሶ አውጥቶ ቤት እንደ መጠበቅ ነው። ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው አገር ጸጥ ብሎ የሰማውም ለመሪዎቹ ብቻ ሳይሆን ለእነሱም ጭምር ድምፅ ስለሰጠ ነው። በፊልምም የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» በ2001 ዓ.ም. በዋጋዱጉ ፌስፓኮ ዋናውን ሽልማት ሲያገኝ ስሙ የገነነው ዳይሬክተሩና መሪ ተዋናዩ ነው። ነገር ግን ከውጭ የተመለሰውን ምሁር ልጇን የምትቀበለውን እናት የተጫወተችው ታከለች በየነ ከፊልሙ ብትወጣ ያ ምሁር የሚመለስበት አገር አይኖረውም ነበር።

ወደ ማርቆስ ነጋዴ እንመለስ፤ ገንዘቡን የሚያወጣው እሱ ነውና። ዕቃው የሚሸጠው በደንበጫ፣ በአማኑኤል፣ በሉማሜ፣ በደጀን ነው። ደንበኛው ገበሬ፣ አስተማሪ፣ ጠላና አረቄ ሻጭ፣ የመንግሥት ሠራተኛ ነው። ለዚህ ደንበኛ ከአዲስ አበባ ውድ ስም አምጥቶ፣ ያ ሰው ደግሞ የከተማውን ስም በቅጡ ሳይጠራ ዱቄቱን ሲያሞግስ ማሳየት ገንዘብን ዓባይ ውስጥ ከመጣል የሚለየው በትንሹ ነው። በዚያ ገንዘብ ሩብ በከተማው ያሉ ሁለት ችሎታ ያላቸው ሴቶች፣ በራሳቸው ቃና፣ በገበያው መካከል ቢቀረጹ ማስታወቂያው ጎረቤት የተናገረው ይመስላል፤ ሰው ደግሞ ከታዋቂ ይልቅ ጎረቤቱን ያምናል። ባሕር ዳር ያለው የክልሉ ቴሌቪዥንም ቅርብ ነው። በዚህ ሥራ አንዲት ተዋናይት ከቤቷ ሳትርቅ የዓመቱን ባዶ ወራት ልትሞላ ትችላለች። አንድ የዱቄት ፋብሪካ፣ አንድ ሆቴልና አንድ የሕንጻ መሣሪያ መደብር በየተራ በዓመት አራት አራት ማስታወቂያ ቢያሠሩ 12 ሥራ ነው፤ በወር አንድ። ለነጋዴው ኪስ ቀላል፣ ለእሷ ግን ወደ አዲስ አበባ ልሂድ ወይስ ልቅር የሚለውን ምርጫ የሚለውጥ ነው።

ተከታታይ ድራማ ስፖንሰር የሚያደርግ ደግሞ ገንዘቡን ከመልቀቁ በፊት ሦስት ነገሮች ይጠይቅ። ረዳት ተዋንያኑ የተጻፈ ውል አላቸው? ድራማው ሲደገምና በኢንተርኔት ሲጫን ድርሻቸው ስንት ነው? በቀረጻ ቀን ለሚደርስ አደጋ ኢንሹራንስ ተገብቷል? ጭነት መኪናውን ያለ ኢንሹራንስ ከደጀን ወደ ጎሐ ጽዮን የማያሻግር ነጋዴ፣ ገንዘቡን ያፈሰሰበት ድራማ ያለ ዋስትና ሲቀረጽ ዝም ማለቱ ግራ ያጋባል። የኢንሹራንሱ ዓረቦን ለመሪ ተዋናዩ ከሚከፈለው ጋር ሲነጻጸር እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። ፕሮዲዩሰሩ «እንዲህ ያለ ልማድ የለንም» ካለ ስፖንሰሩ ልማዱን በራሱ ውል ላይ አንድ አንቀጽ ጨምሮ ሊያስጀምረው ይችላል፤ ገንዘብ ያለው ወገን ያቀረበውን አንቀጽ የሚፍቅ ፕሮዲዩሰር አይገኝም። ውሉ ሲፈረም ደግሞ ቅጂው በፕሮዲዩሰሩ መሳቢያ ብቻ እንዳይቀር፣ አንዱ በተዋናይቷ እጅ መግባቱን ስፖንሰሩ ራሱ ያረጋግጥ፤ ሁለተኛውን ክፍያም ያንን ሳያይ አይልቀቅ።